መጥበሻው የፈጠረው ፍርሃት

ባለፈው እሑድ ወጥ ቤት ሽንኩርት ስከትፍ ልጆቼ ሳሎን ተቀምጠው «ተርሚኔተር» የተባለውን የቆየ ፊልም ይመለከቱ ነበር። ግድግዳውን ዘልቆ የሚመጣው የብረት ድምፅ ቢያስጨንቀኝ «ኧረ ቀንሱት!» ብዬ ጮኽኩ። ታላቁ ልጄ እየሳቀ «እማዬ፣ እሱ እኮ መጥበሻ ነው» አለኝ። የቀለደብኝ መስሎኝ ነበር። ነገሩን ስከታተለው ግን እውነቱን ሆኖ አገኘሁት።

የሙዚቃው ደራሲ አሜሪካዊው ብራድ ፊዴል ነው። ወደ ፊልም ሥራ ከመግባቱ በፊት ሆል ኤንድ ኦትስ ለተባሉት ድምፃውያን ኪቦርድ ይጫወት ነበር። ጄምስ ካሜሮን እ.ኤ.አ. በ1984 ለእይታ የበቃውን ተርሚኔተርን ሲሠራ በእጁ የነበረው ገንዘብ ስድስት ሚሊዮን ዶላር ገደማ ስለነበር፣ ሙሉ ኦርኬስትራ ለመቅጠር የሚያመች አልነበረም። ፊዴል ከሲንተሳይዘሮቹ ጋር ብቻውን ተቀመጠ።

መሣሪያዎቹ እንደ ዛሬዎቹ እርስ በርስ የሚናበቡ አልነበሩም። አንድን ምት ለማስደጋገም ቁልፉን በእጅ መጫን ነበረበት፤ ሲጫን ለቅጽበት ያህል ከምቱ አፈነገጠ። ምቱ እንደሚያነክስ ሰው እየተደናቀፈ ሄደ። ፊዴል ግን ስሕተቱን አላረመውም፤ እንዳለ ተወው። የብረቱን ድምፅ ያገኘው ደግሞ መጥበሻ እየመታ ነው። እኛ ቁርስ የምንሠራበት ዕቃ የብረት ሰው የልብ ትርታ ሆነ ማለት ነው።

የሚያሳድደውም እናትን ነው። ሣራ ኮነር የምግብ ቤት አስተናጋጅ ናት፤ ገዳዩ የሚመጣባት ገና ባልተፀነሰ ልጇ ምክንያት ነው። ልጆቼ ተኩሱን ያያሉ፤ እኔ እሷን አየሁ።

በ1991 ለወጣው ሁለተኛው ፊልም ፊዴል ሙዚቃውን ያዘጋጀው ሎስ አንጀለስ በሚገኘው መኖሪያ ቤቱ ጋራዥ ውስጥ ነው። ቤት ውስጥ የሚሠራ ሥራ እንደ ሥራ የማይቆጠርብን እናቶች ይህን ልብ እንድንለው እወዳለሁ! በ1988 ደግሞ ተደፍራ ፍትሕ የምትፈልግ ሴትን ታሪክ ለሚያሳየው «ዘ አኪዩዝድ» ሙዚቃ ሠርቷል፤ ሙያው በተኩስ ፊልሞች ብቻ አልተወሰነም።

አንድ ነገር ግን ይከነክነኛል። አንድ ሰው በመሣሪያ የብዙ ሙዚቀኞችን ሥራ ከሠራ፣ የቫዮሊኑና የጡሩምባው ተጫዋች እንጀራስ? የዚያ ፊልም ሙዚቃ በኦርኬስትራ ቢሠራ ኖሮ ያንን ቅዝቃዜ ባላገኘ ነበር እላለሁ፤ የሙዚቀኞቹ ጥያቄ ግን ከልቤ አልወጣም።

ፊዴል በኋላ የፊልም ሙዚቃ መድረሱን ትቶ ብቻውን መድረክ ላይ የሚጫወተው ሙዚቃዊ ተውኔት አዘጋጀ። ተከታዮቹን የተርሚኔተር ፊልሞች ሌሎች ደራሲዎች ሠሩ፤ ያች የምታነክስ ምት ግን በእነሱም ውስጥ ተሰምታለች።

ማታ ዕቃ ሳጥብ መጥበሻዬን በማንኪያ መታ መታ አደረግሁት። ልጄ ከሳሎን ሆኖ «እማዬ፣ ትንሽ አዘግዪው» አለኝ።