ገበያ የተከለከለውን ማጀት አቆየው
ስለ እንግሊዞች ባለመስቀል ዳቦ ታሪክና አጋገር

የሰው ልጅ በዓሉን ከሚያከብርባቸው ነገሮች አንዱ ዳቦ ነው። በአገራችን ዐውደ ዓመት ሲደርስ ድፎ ዳቦ ያልተደፋበት ቤት በዓሉ የገባበት አይመስልም። ሌሎችም ሕዝቦች እንዲሁ ለየበዓላቸው የተለየ ዳቦ አላቸው። ከእነዚህም መካከል እንግሊዞች በስቅለት ዓርብ የሚበሉት፣ ቅመምና ዘቢብ የገባበት፣ በላዩም የመስቀል ምልክት ያለበት ትንሽ ክብ ዳቦ ይገኛል። እነርሱ «ሆት ክሮስ በን» ይሉታል፤ ትኩስ ባለመስቀል ዳቦ ማለት ነው። የዚህ ዳቦ ታሪክ ለተማሪና ለወጣት ሹም የሚሆን ትምህርት አለበት፤ አጋገሩም ቢሆን ትዕግሥት ላለው ሰው ከባድ አይደለም።

ከለንደን በስተ ሰሜን የሚገኘው የሴንት ኦልባንስ ገዳም ትውፊት፣ በ1361 እ.ኤ.አ. ቶማስ ሮክሊፍ የተባለ መነኩሴ መስቀል የተሠራበትን ባለቅመም ዳቦ ጋግሮ በስቅለት ቀን ለድሆች ያድል እንደ ነበር ይናገራል። ከዚያ በኋላ ዳቦው በሕዝቡ ዘንድ እጅግ ተወደደ። ይሁን እንጂ በንግሥት ኤልሳቤጥ ቀዳማዊት ዘመን፣ በ1592 እ.ኤ.አ.፣ የለንደን የገበያ ሹም ዳቦ ጋጋሪዎች ቅመም ያለበትን ዳቦ ጋግረው እንዳይሸጡ ከለከለ። የተፈቀደው ለቀብር፣ ለስቅለት ዓርብና ለገና ብቻ ነበር። ትእዛዙን አፍርሶ የተገኘ ጋጋሪም ዳቦው ተወርሶ ለድሆች ይሰጥበት ነበር።

እዚህ ላይ አንባቢ ልብ ሊለው የሚገባ ነገር አለ። ትእዛዙ የሻጩን እጅ ያዘ እንጂ የእናትን እጅ አልያዘም። የገበያው ሹም ሚዛኑንና መደብሩን ሲቆጣጠር የማጀቱን ቡሃቃ አላገኘውም። በቤቷ አቡክታ ለልጆቿ የምትጋግረውን ሴት ማን ይከሳታል? በ1733 እ.ኤ.አ. የታተመ አንድ የለንደን የዘመን መቍጠሪያ መጽሐፍ የባለመስቀል ዳቦ ሻጮችን የመንገድ ጩኸት መዝግቦ እናገኛለን። ስለዚህ ከ141 ዓመት በኋላም ልማዱ አልሞተም ነበር። ደንብ የሚያወጣ ሰው ሁሉ ይህን ቢያስታውስ ይጠቅመዋል፤ ሕዝብ በቤቱ የያዘውን ልማድ በማስታወቂያ ብቻ መሻር አይቻልም።

ስለዚህ ዳቦ ብዙ እምነት ተነግሯል። በስቅለት ቀን የተጋገረው አይሻግትም እየተባለ በየጣሪያው ሥር ይሰቀል ነበር፤ ለታመመ ሰው ተፈርፍሮ በውሃ ይሰጥ ነበር፤ መርከበኞችም ከመስጠም ያድናል ብለው ይዘውት ይሄዱ ነበር። አለመሻገቱ ግን ተአምር አይደለም። ሻጋታ ያለ እርጥበት አያድግም፤ በምድጃ አጠገብ ተሰቅሎ የደረቀ ዳቦ ደግሞ እርጥበት የለውም።

በምሥራቅ ለንደን «የባልቴቲቱ ልጅ» የሚል ስም ያለው መጠጥ ቤት አለ። ስሙ የመጣው ከዚህ ታሪክ ነው ይባላል። አንዲት ባልቴት አንድ ልጇ መርከበኛ ሆኖ ወደ ባሕር ሄደ። ለፋሲካ እመለሳለሁ ስላላት ዳቦውን ጋግራ ጠበቀችው፤ እርሱ ግን ቀረ። እርሷም ተስፋ ሳትቆርጥ በየዓመቱ አንዳንድ ዳቦ እየጨመረች አኖረችለት። እርሷ ከሞተች በኋላም በየስቅለቱ አንድ መርከበኛ አዲስ ዳቦ እንዲሰቅል ልማድ ሆነ። ከወላጆቹ ርቆ በኪራይ ክፍል የሚኖር ሰው የዚህን ታሪክ ትርጉም ሌላ ሳያስረዳው ያውቀዋል።

አሁን ወደ አጋገሩ እንለፍ። ለ12 ትንንሽ ዳቦ የሚያስፈልገው ግማሽ ኪሎ የፉርኖ ዱቄት፣ 75 ግራም ስኳር፣ 50 ግራም የገበታ ቅቤ፣ 1 እንቁላል፣ 225 ሚሊ ሊትር ያህል ለብ ያለ ወተት፣ 7 ግራም ደረቅ እርሾ፣ 1 የሻይ ማንኪያ ጨው፣ 150 ግራም ዘቢብና የአንድ ብርቱካን ልጣጭ ተፈቅፍቆ ነው። ከቅመሙ 1 የሻይ ማንኪያ የተፈጨ ቀረፋ፣ ግማሽ ገውዝ፣ ሩብ ቅርንፉድ ይበቃል። ወተቱ ጣትን የሚያቃጥል ከሆነ እርሾውን ይገድለዋል።

በመጀመሪያ ዱቄቱ፣ ስኳሩ፣ ጨው፣ እርሾውና ቅመሙ ይደባለቃሉ፤ ወተቱና እንቁላሉ ይጨመርና 10 ደቂቃ ያህል ይታሻል። ቅቤው የሚገባው ከዚህ በኋላ ነው፤ ቀድሞ ከገባ ዱቄቱን ይሸፍንና ሊጡ ጅማት እንዳያወጣ ያደርገዋል። ዘቢቡም በሙቅ ውሃ ተነክሮና ተጠንፍፎ ከልጣጩ ጋር በመጨረሻ ይገባል፤ ደረቁን ከገባ የሊጡን ውሃ ይጠጣልና። ከዚያ ሊጡ ተሸፍኖ እጥፍ እስኪሆን ይቆያል። ስኳር፣ ቅቤና ቀረፋ የእርሾን ሥራ ስለሚያዘገዩ ከተራ ዳቦ ይልቅ መታገሥ ያስፈልጋል። ነገር ግን እንደ አዲስ አበባ ባለ ከፍተኛ ቦታ የአየሩ ግፊት አነስተኛ ስለሆነ ሊጥ ቶሎ ኩፍ ይላል፤ ስለዚህ እርሾውን ወደ 5 ግራም መቀነስ፣ ሰዓቱንም ሳይሆን ሊጡን መመልከት ይበጃል።

ኩፍ ያለው ሊጥ በእጅ ተጫኖ ለ12 ይከፈልና ይድቦለቦላል፤ በትሪ ላይ ተቀራርቦ ይደረደርና እንደገና ኩፍ እስኪል ይጠበቃል። በውሃ የተበጠበጠ ወፍራም ዱቄት በመስቀል ቅርጽ ይፈስበታል። በ200 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ከ15 እስከ 20 ደቂቃ ይጋገራል፤ እንደ ወጣም ስኳር በተፈላበት ውሃ ይቀባል። ኦቨን የሌለው ሰው በወፍራም የብረት ድስት ደርድሮ ከሥሩ ለዘብ ያለ፣ ከክዳኑም ላይ በርከት ያለ ፍም ያድርግ። እናቶቻችን ድፎውን ከላይና ከታች በእሳት ሲያበስሉት ኖረዋልና ዘዴው ለእኛ እንግዳ አይደለም።

አንድ ነገር ግን መታሰብ አለበት። በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን ሥርዐት ስቅለት ጥብቅ የጾም ቀን ስለሆነ፣ ወተት፣ ቅቤና እንቁላል ያለበት ይህ ዳቦ ለፋሲካ ማለዳ ይቆያል። በዐቢይ ጾም ሌሎች ቀናት ለመጋገር የፈለገ በወተቱ ፈንታ ውሃ፣ በቅቤው ፈንታ ዘይት ያግባ፤ እንቁላሉን ይተውና ውሃውን ጥቂት ያብዛ።

ዳቦ ተገዝቶ ይበላል፤ በዚህም ነውር የለም። ነገር ግን ገበያ ዋጋ ሲወደድ ወይም ትእዛዝ ሲወጣ እጁን ይሰበስባል። በቤት የተማሩት ሙያ ግን ከሰው ጋር ይኖራል። ስለዚህ ወንድም ሆነ እኅት፣ ለበዓል ወደ ቤተሰቡ የሚሄድ ወጣት ከእናቱ ቡሃቃ አጠገብ ቆሞ አቡኪው እንዴት እንደሆነ ይጠይቅ፤ እጁንም አጥቦ ያግዝ። በቃል የማይነገረውን የሊጥ ልክ የሚያውቁት እጆች ናቸውና፣ እነርሱ ሳሉ መማር ይሻላል።