በጆሮ በኩል የገባው ኮምፒውተር፦ ስለ ትራንዚስተር የሚወሩ ተረቶችና እውነታው

ትራንዚስተር ሲባል የብዙዎቻችን ሐሳብ ቀድሞ የሚሄደው ወደ ራዲዮ ነው። ያ በማንገቻው ግድግዳ ላይ የሚሰቀለው፣ የባትሪ ድንጋዩ ሲደክም ፀሐይ ላይ እየተሰጣ ነፍስ የሚዘራው ራዲዮ። የአንዲት ትንሽ የውስጥ ዕቃ ስም ለጠቅላላው ዕቃ ሆኖ ቀረ። ስለ ኮምፒውተር ታሪክ ትንሽ ያነበበ ሰው ይህን ሲሰማ ፈገግ ይላል። ለእሱ ትራንዚስተር በ1947 ተፈልስፎ፣ በማግስቱ አዳራሽ የሚሞሉትን ማሽኖች ጠራርጎ ያስወጣ፣ ኮምፒውተርን ባንድ ጊዜ ትንሽ፣ ፈጣንና አስተማማኝ ያደረገ ተአምር ነው። እኔን ከጠየቃችሁኝ ግን ለእውነቱ የሚቀርቡት ራዲዮውን ትራንዚስተር ያሉት ናቸው። (እዚህ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።)

አስቀድሞ ነገሩን እንለየው። ኮምፒውተር ሲገላለጥ ብዙ ሺህ ማብሪያ ማጥፊያ ነው። ከትራንዚስተር በፊት ይህን ሥራ ይሠራ የነበረው ቫልቭ ነው፤ አምፖል የሚመስል፣ አየር የወጣለት፣ ውስጡ የሚግል ክር ያለው የብርጭቆ ብልቃጥ። ይግላል፣ ኤሌክትሪክ ይበላል፣ እንደ አምፖልም ይቃጠላል። ኤኒያክ የተባለው የአሜሪካ ጦር ማሽን 18 ሺህ ያህል ቫልቭ ነበረው፤ 150 ኪሎዋት ገደማ ይወስድ ነበር። ትራንዚስተር ያንኑ ሥራ የሚግል ክር ሳያስፈልገው በጠጣር ጀርማኒየም ቁራጭ ይሠራል። እስከዚህ ድረስ የሚወራው ሁሉ ልክ ነው። ችግሩ ከዚህ በኋላ ነው።

«ትራንዚስተርን የፈለሰፈው ሾክሊ ነው»

በ1947 ዲሴምበር፣ ኒው ጀርሲ በሚገኘው የቤል ቤተ ሙከራ ጠረጴዛ ላይ የነበረውን ዕቃ የሠሩት ጆን ባርዲንና ዋልተር ብራቴን ናቸው። ብራቴን የሦስት ማዕዘን ፕላስቲክ ወሰደ፣ ጠርዙ ላይ ቀጭን የወርቅ ቅጠል ለጠፈ፣ ከዚያ ጫፉን በምላጭ ሰነጠቀው። ቅጠሉ ለሁለት ተከፈለ፤ በመካከላቸው የቀረው ክፍተት ከፀጉር ውፍረት ብዙም አይበልጥም። ሁለቱን የወርቅ ጫፎች በሽቦ ሞላ ጀርማኒየሙ ላይ ተጫናቸው፤ በአንዱ በኩል የገባው ደካማ ድምፅ በሌላው በኩል ጎልቶ ወጣ። ፎቶግራፉን ያየ ሰው የዓለምን መልክ የለወጠ ዕቃ አይለውም፤ ጠጋኝ ሱቅ ውስጥ ለጊዜው ተያይዞ የተረሳ ነገር ነው የሚመስለው።

ዊልያም ሾክሊ የቡድኑ አለቃ ነበር፤ የዚህ የመጀመሪያው ትራንዚስተር የፈጠራ መብት ላይ ግን ስሙ የለም። አንገበገበው። እልህ ይዞት በሳምንታት ውስጥ በሐሳብ የተሻለ ትራንዚስተር ነደፈ፦ የሚጫን ጫፍ የሌለው፣ ጀርማኒየሙ ራሱ እንደ ተነባበረ ዳቦ በንብርብር የሚሠራ። ኋላ ኢንዱስትሪው የተከተለው የእሱን ነው። ስለዚህ በ1956 ሦስቱም የኖቤል ሽልማት መካፈላቸው ተገቢ ነበር። ከእነሱ ሃያ ዓመት ቀድሞ ጁሊየስ ሊሊየንፌልድ ተመሳሳይ ሐሳብ በፈጠራ መብት አስመዝግቦ ነበር፤ በ1948ም ማታሬና ቬልከር የተባሉ ሁለት ጀርመናውያን ከፓሪስ አቅራቢያ በራሳቸው መንገድ እዚያው ደርሰዋል። የአንድ ሰው ፈጠራ የሚባለው ሲመረመር እንዲህ ይበዛል።

ዜናው በ1948 ለሕዝብ ሲነገር ኒው ዮርክ ታይምስ ያወጣው የራዲዮ ወሬ በሚታተምበት ዓምድ ውስጥ በጥቂት አንቀጾች ነው። ጋዜጠኛው ኮምፒውተር አልታየውም። የሚታይም አልነበረም።

«መጀመሪያ የተጠቀመበት ኮምፒውተር ነው»

አይደለም። ለሕዝብ በተሸጠ ዕቃ ውስጥ ቀድሞ የገባው በ1952 መጨረሻ፣ መስማት ለሚቸገሩ ሰዎች በተሠራ የጆሮ ማዳመጫ ነው። ያም ቢሆን አንድ ትራንዚስተር ከሁለት ትናንሽ ቫልቮች ጋር ተዳብሎ ነበር። ቤል ለማዳመጫ ሠሪዎች የፈጠራ ክፍያውን ማረላቸው፤ ስልክን የፈለሰፈው አሌክሳንደር ግራሃም ቤል መስማት የተሳናቸው መምህር ነበርና ለእሱ መታሰቢያ እንዲሆን ነው። በ1954 መጨረሻ ደግሞ ሪጀንሲ የተባለው የኪስ ራዲዮ በ49 ዶላር ከ95 ሳንቲም ገበያ ወጣ። በውስጡ የነበሩት ትራንዚስተሮች አራት ብቻ ናቸው።

አራት። ቁልፉ እዚህ ቁጥር ላይ ነው። አራት ጥሩ ትራንዚስተር መርጦ ራዲዮ መሥራት ይቻላል፤ አንዱ ትንሽ ቢሰንፍ ራዲዮው ይንሾካሾካል እንጂ ወሬውን አይለውጠውም። ኮምፒውተር ግን መቶዎችን፣ ከዚያም ሺዎችን ይፈልጋል፤ ሁሉም ባንድ ጊዜ፣ በሰኮንድ ብዙ ሺህ ጊዜ፣ ሳይሳሳቱ መሥራት አለባቸው። ከሺህ አንዱ አንዴ ቢያነክስ ውጤቱ የተንሾካሾከ መልስ ሳይሆን የተሳሳተ መልስ ነው። የመጀመሪያዎቹ ትራንዚስተሮች ደግሞ ጫፋቸው ጀርማኒየሙ ላይ የተጫነ ስለነበር ንዝረትና እርጥበት ይረብሻቸው ነበር፤ ከአንድ ፋብሪካ ባንድ ቀን የወጡ ሁለቱ እንኳ ጠባያቸው አይገጥምም። የጀርማኒየም ሌላው ጉድ ሙቀት አለመቻሉ ነው፤ ሲሞቅ ማጥፊያው ጠፍቶም ያፈሳል። ሲሊከን ቦታውን የወሰደው በዚህ ምክንያት ነው፤ ግን ያ የኋላ ነገር ነው።

«የመጀመሪያውን የትራንዚስተር ኮምፒውተር የሠራው አይቢኤም ነው»

ይህን የሚሉ ብዙ ናቸው። ሌሎች ደግሞ ቤል ይላሉ፤ ትራንዚስተሩ የተወለደው እዚያ ስለሆነ ኮምፒውተሩም እዚያ ተወለደ ብለው ያስባሉ። በ1953 ኖቬምበር 16 ግን እንግሊዝ አገር በማንቸስተር ዩኒቨርሲቲ አንድ ማሽን ሠርቶ ነበር። የሠሩት በቶም ኪልበርን ሥር የነበሩት ሪቻርድ ግሪምስዴልና ዳግላስ ዌብ ናቸው፤ 92 ትራንዚስተርና 550 ዳዮድ (ኤሌክትሪክን በአንድ አቅጣጫ ብቻ የሚያሳልፍ ዕቃ) ነበረው። በ1955 ያደገው ማሽን 200 ትራንዚስተር ይዞ የሚወስደው ኃይል 150 ዋት ብቻ ነበር፤ ሁለት ትልልቅ የቤት አምፖሎችን ያህል።

ታዲያ ነገሩ አለቀ? የለም። ያ ማሽን ሥራውን የሚያስኬደውን የሰዓት ምት ለማመንጨት፣ ማህደረ ትውስታው ከሆነው የሚሽከረከር ማግኔት ከበሮም ለማንበብና እሱ ላይ ለመጻፍ ቫልቮች ይጠቀም ነበር። በ1954 ጃንዋሪ ጂን ፌልከር ለአሜሪካ አየር ኃይል በቤል የጨረሰው ትራዲክ ወደ 700 የሚጠጉ ትራንዚስተሮችና ከ10 ሺህ በላይ ዳዮዶች ቢኖሩትም፣ እሱም ሰዓቱን የሚያንቀሳቅሰው በቫልቭ ነበር። ከቫልቭ ፈጽሞ የጸዳውን ማሽን በ1955 ፌብሩዋሪ ያስነሱት የሃርዌል የእንግሊዝ አቶሚክ ምርምር ማዕከል ሰዎች ናቸው፤ ካዴት አሉት። ስሙ ቀልድ ነው፦ የማሽኑ ሙሉ የእንግሊዝኛ ስም የመጀመሪያ ፊደላት ከኋላ ወደፊት ሲነበቡ ነው ካዴት የሚወጣው። አይቢኤምስ? 608 የተባለውን ከ3 ሺህ በላይ ትራንዚስተር ያለው የሒሳብ ማሽን ለደንበኛ ያደረሰው በ1957 መጨረሻ ነው። እሱም ቢሆን መርሐ ግብሩን በውስጡ የማይዝ፣ በሽቦ ሰሌዳ የሚታዘዝ ማሽን ነበር።

«የመጀመሪያው» የሚለው ቃል ብቻውን ሲመጣ እኔ መጠርጠር ጀምሬያለሁ። ጥያቄው በትራንዚስተር መሥራት የጀመረው ከሆነ መልሱ ማንቸስተር፣ ቫልቭ ያልነካው ከሆነ ሃርዌል፣ ገበያ ላይ የዋለው ከሆነ ደግሞ ሌላ ነው።

«እንደገባ ፈጣንና አስተማማኝ ሆነ»

ከሁሉ የሚያስቀኝ ይህ ነው። የማንቸስተሩ ማሽን በ1955 ሳይሳሳት የሚሠራው በአማካይ ለአንድ ሰዓት ተኩል ብቻ ነበር። የሃርዌሎቹ ቫልቭ አንጠቀምም ብለው ሲጨክኑ ዋጋውን በፍጥነት ከፈሉ፤ ሰዓቱን ያለ ቫልቭ ለመንዳት ማሽኑን በሰኮንድ 58 ሺህ ምት ላይ አቆሙት። በዚያው ዘመን ከነበሩት ጥሩ የቫልቭ ማሽኖች አንጻር ይህ ዘገምተኛ ነው። ካዴት ግን ትዕግሥቱ ከፈለው፤ ከ1956 አጋማሽ በኋላ ብዙ ጊዜ 80 ሰዓትና ከዚያ በላይ ሳይቋረጥ ይሠራ ነበር። ትራዲክም እንዲሁ በአስተማማኝነት ያልታሰበ ውጤት አሳየ። እንግዲህ ጥያቄው ትራንዚስተሩ ብቻ ሳይሆን ማን እንደ ሠራውና ማን እንደ መረጠውም ነው።

አይቢኤም ቤት ያሉ መሐንዲሶች ቫልቭን አጣጥመውት ያደጉ ነበሩ፤ አዲሱን ነገር አላመኑትም። አለቃቸው ቶማስ ዋትሰን ልጅየው በትዝታ መጽሐፉ እንደጻፈው፣ መቶ ያህል የኪስ ራዲዮ ገዛ። ትራንዚስተር አይታመንም የሚል መሐንዲስ በመጣ ቁጥር አንዱን ራዲዮ ያስይዘውና እስኪበላሽ ተጠቀምበት ይለዋል። ከ1958 አጋማሽ በኋላም በቫልቭ የሚሠራ ማሽን እንዳይሠራ አዘዘ። መሐንዲስን በስብሰባ ከማሳመን በኪሱ ሙዚቃ መክተት ቀሏል።

ፍጥነቱ የመጣው ኋላ ነው፤ ፊልኮ የተባለው ኩባንያ የተሻለ ትራንዚስተር ካወጣ በኋላ። በማሳቹሴትስ ሊንከን ላብ በ1956 የተሠራው ቲኤክስ-0 እነዚህን 3600 ያህል ተጠቅሟል፤ መጀመሪያ አንዱ 80 ዶላር ያወጣ ነበር። ስሌቱን ለእናንተ ትቻለሁ። አይቢኤምም በ1959 ያስረከበው 7090 ከቫልቭ ወንድሙ ከ709 ስድስት ጊዜ ያህል ይፈጥን ነበር። አሜሪካዊው የጠፈር ተጓዥ ጆን ግሌን በ1962 ምድርን ሲዞር መንገዱን ያሰሉት የ7090 ማሽኖች ናቸው፤ የናሳ የሒሳብ ባለሙያዋ ካትሪን ጆንሰን በእጇ አስልታ እንድታረጋግጥለት የጠየቀውም የእነሱን ቁጥር ነው። ከወርቁ ቅጠል እስከ 7090 አሥራ ሁለት ዓመት አልፏል።

«ትራንዚስተር ሲገባ ሌላው ሁሉ ወጣ»

ባጭሩ፦ የእነዚያ ማሽኖች ማህደረ ትውስታ ትራንዚስተር አልነበረም። መጀመሪያ የሚሽከረከር ከበሮ፣ በኋላ ደግሞ ከምስር ፍሬ ያነሱ የማግኔት ቀለበቶች ነበሩ፤ በእያንዳንዱ ቀለበት ውስጥ ቀጫጭን ሽቦዎች ይሾልካሉ። ብዙውን ጊዜ የሚያሾልኩት ሴቶች ነበሩ፣ በመርፌና በማጉያ መነጽር፣ ጥልፍ እንደሚጠልፍ ሰው። ቫልቩም ቶሎ አልሞተም። የአሜሪካ የአየር መከላከያ ማሽኖች፣ በአስር ሺዎች የሚቆጠሩ ቫልቮች ያሏቸው፣ የመጨረሻዎቹ እስከ 1983 ድረስ ይሠሩ ነበር። ያን ጊዜ የግል ኮምፒውተር በየሱቁ ይሸጥ ነበር።

«የሀብታም አገሮችና የትልልቅ ኩባንያዎች ሥራ ብቻ ነበር»

በቪየና የቴክኒክ ዩኒቨርሲቲ ሃይንዝ ዜማኔክ የተባለ መምህር በ1956 ኮምፒውተር ልሥራ ብሎ ተነሣ። ከዩኒቨርሲቲው በቂ ገንዘብ አላገኘም፤ በቅጡ የተሰጠ ፈቃድም አልነበረውም። ተማሪዎቹን አሰባሰበ፣ ዕቃ ለመነ። ፊሊፕስ ትራንዚስተር በስጦታ ሰጠው፤ ትራንዚስተሮቹ ግን ለጆሮ ማዳመጫ የተሠሩ ዘገምተኞች ነበሩ። የሰው ጆሮ የሚሰማውን ድምፅ ያህል መፍጠን ይበቃቸዋል ተብለው የተሠሩ ማለት ነው። ዜማኔክ በእነሱ 3 ሺህ ያህል ትራንዚስተር ያለው ማሽን ገጣጠመ።

በዚያ ዘመን አሜሪካኖች ማሽኖቻቸውን በማዕበልና በአውሎ ነፋስ ይሰይሙ ነበር፤ ኤምአይቲ የራሱን «አውሎ ነፋስ» ብሎታል። ዜማኔክ የእኛ ያን ያህል አይነፍስም፣ ለቪየና የሚያህል የሜይ ወር ለስላሳ ነፋስ ግን ይወጣዋል ብሎ ማይሉፍተርል አለው፤ ቪየናዎች በፀደይ ለሚመጣ ቀለል ያለ ነፋስ የሚሉት ነው። ማሽኑ አራት ሜትር ገደማ ስፋት ነበረው፤ «ትንሽ» የሚለው ቃል በዚያ ዘመን ምን ማለት እንደነበር ከዚህ መገመት ይቻላል። በ1958 ሜይ 27 በመጀመሪያ ካሰላቸው ሒሳቦች አንዱን ጨረሰ፦ 5073548261 የተባለው ቁጥር ከአንድና ከራሱ በቀር በሌላ የማይካፈል መሆኑን አረጋገጠ። 66 ደቂቃ ፈጅቶበታል። ማሽኑ ዛሬ በቪየና የቴክኒክ ሙዚየም ቆሟል፤ ለጆሮ ማዳመጫ የተሠሩት ትራንዚስተሮች እዚያው በየቦታቸው ናቸው።