የባንክ ሐራጅን ፍርድ ቤት ያስቆመዋል?

ባልና ሚስት የቤት ካርታቸውን ይዘው ቢሮዬ ቁጭ ይላሉ፦ «የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ደርሶናል፤ እናሳግደው?» መልሱን መናገር ሁሌም ይከብደኛል።

አዋጅ ቁጥር 97/1990 ብድሩ በጊዜው ያልተከፈለው ባንክ፣ በውሉ ሥልጣን ከተሰጠው፣ ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ መያዣውን ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ በሐራጅ እንዲሸጥ ይፈቅድለታል። «ጊዜ ይሰጠኝ» ማለት ብቻውን ሽያጩን አያስቆምም። እነዚያን 30 ቀናት የእግድ ማመልከቻ በማጻፍ አትጨርሷቸው፤ መጀመሪያ ባንኩን የመክፈያ ጊዜ ማራዘሚያ በጽሑፍ ጠይቁ።

ባዶ እጃችሁን ግን አይደላችሁም። ሐራጁ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉን መከተል አለበት፤ ባንኩ ሕግ ጥሶ ጉዳት ካደረሰ በካሣ ይጠየቃል። ስለዚህ ማስጠንቀቂያውን ከነፖስታው አስቀምጡ፤ የደረሰበት ቀን ክርክር ያስነሳል።

ብዙዎች የማያውቁት ሌላም አለ። የጋራ ቤት በአንዱ ተጋቢ ፊርማ ብቻ ተይዞ ከሆነ፣ በተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ መሠረት ሌላኛው ውሉ እንዲፈርስ መጠየቅ ይችላል፦ ባወቀ በ6 ወር፣ ቢዘገይ ውሉ በተደረገ በ2 ዓመት ውስጥ። እባካችሁ ይህን ቀን ዛሬውኑ ቁጠሩት።