መኪና የተከለከለበት የገበያ መንገድ፤ የኩሪቲባ ነጋዴዎች ያዩት

አንድ ባለሱቅ መደብሩ ባለበት መንገድ ላይ መኪና እንዳያልፍ ቢከለከል ገበያው ይቀዘቅዝበታል ወይስ ይደራለታል? ከተሞች መንገዳቸውን እንደ አዲስ በሚያስተካክሉበት በዚህ ጊዜ ይህ ጥያቄ ለማዘጋጃ ቤት መሐንዲሶች ብቻ የሚተው አይደለም። ዕቃውን ከወደብ አስመጥቶ፣ ቀረጡንና ኪራዩን ከፍሎ በመደርደሪያው ላይ ላስቀመጠ ነጋዴ ነገሩ የእንጀራ ጉዳይ ነው። ስለዚህ ጥያቄው በሥራ ተፈትኖ መልስ ያገኘበትን የአንድ ከተማ ታሪክ ለክቡራን አንባቢዎቻችን ማቅረቡን ጠቃሚ ሆኖ አግኝተነዋል። የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

ከተማይቱ ኩሪቲባ ትባላለች፤ በደቡብ ብራዚል የፓራና ክፍለ ሀገር ዋና ከተማ ናት። ቡና ላኪዎቻችን የፓራናን ስም በሌላ ምክንያት ሳይሰሙት አይቀሩም። በ1975 ዓ.ም. በጁላይ ወር የወረደው ብርቱ ውርጭ የዚያን አገር የቡና ዛፍ ስላጠፋው፣ የቡና ዋጋ በዓለም ገበያ እያሻቀበ ሄዶ በ1977 ዓ.ም. ከዚያ በፊት ካልታየበት ደረጃ ደርሶ ነበር። ተክሉ የጠፋበት የገጠር ሰው ብዙው ወደ ከተማ ጐረፈ። ይሁን እንጂ ኩሪቲባ ከውርጩም በፊት በፍጥነት የምታድግ ከተማ ነበረች። በ1950 ዓ.ም. 180 ሺሕ ያህል የነበረው የሕዝቧ ቁጥር በ1970 ዓ.ም. ከ600 ሺሕ አልፎ ነበር።

እንዲህ ያለ ዕድገት የደረሰባቸው ብዙ ከተሞች የመኻል ከተማውን ቤት አፍርሰው መንገድ በማስፋት ለመኪናው ቦታ ለመስጠት ይሞክራሉ። ኩሪቲባም በ1943 ዓ.ም. አጋሽ የተባሉት ፈረንሳዊ ባነደፉላት ፕላን መሠረት በሰፋፊ አውራ ጎዳናዎች መንገድ ላይ ነበረች። በ1966 ዓ.ም. የጸደቀው አዲስ ፕላን ግን ሐሳቡን ለወጠው። መኻል ከተማው ለእግረኛ ይጠበቅ፣ ከተማውም ወደ ዳር ሲያድግ በተመረጡ መስመሮች ተከትሎ ይደግ፣ በነዚያም መስመሮች ላይ የሕዝብ ማመላለሻ ይቅደም ተባለ።

ፕላኑን በሥራ ላይ ያዋሉት በ1971 ዓ.ም. ከንቲባ ሆነው የተሾሙት አርክቴክቱ ዣይሜ ለርነር ናቸው። በሚቀጥለው ዓመት በሜይ ወር፣ ከከተማይቱ የንግድ መንገዶች ዋነኛ የሆነውን የኖቬምበር 15 መንገድ ለመኪና ዘግተው ለእግረኛ ብቻ ለማድረግ ቈረጡ። ነጋዴዎቹ ነገሩን በሰሙ ጊዜ አልወደዱትም፤ በመኪና የሚመጣው ደንበኛ ይቀርብናል ብለው ፈሩ። እኛም በነሱ ቦታ ብንሆን ሳንፈራ አንቀርም ነበር። የማዘጋጃ ቤቱ የሥራ ክፍል ድንጋዩን ለማንጠፍ፣ መብራቱንና የአበባ መደቡን ለመትከል ብዙ ወራት ያስፈልጋል ቢልም፣ ከንቲባው በ72 ሰዓት ይለቅ አሉ። ሥራው የተጀመረው ዐርብ ማታ ነው። ሰዓቱ የተመረጠውም፣ ከንቲባው ራሳቸው በኋላ እንደ ተረኩት፣ ፍርድ ቤት ተዘግቶ ሳለ የእግድ ትእዛዝ የሚያወጣ ሰው እንዳይኖር ነበር። ሰኞ ማታ ሥራው አልቆ ሕዝቡ ይመላለስበት ጀመር።

ከዚያ ወዲያ የሆነው ነገር ለነጋዴ ትምህርት አለው። ከጥቂት ቀን በኋላ የተቃውሞውን ፊርማ ካሰባሰቡት ነጋዴዎች አንዱ ወደ ከንቲባው መጥቶ፣ የእግረኛው መንገድ ወደ ሌሎቹም መንገዶች እንዲቀጥል ጠየቀ። መኪና ነጂዎች ግን አልተዋጠላቸውም። በሚቀጥለው ቅዳሜ ተሰብስበው በመንገዱ ላይ በመንዳት መብታችንን እናስመልሳለን ብለው ቢዝቱ፣ ከንቲባው ፖሊስ አልጠሩም። ረጅም ወረቀት በመንገዱ ላይ አስዘርግተው ሕፃናት ተቀምጠው ሥዕል እንዲሥሉበት አደረጉ። በልጆች መካከል መኪና ለመንዳት የደፈረ አልተገኘም። መንገዱ እስከ ዛሬ የእግረኛ መንገድ እንደ ሆነ አለ።

ምክንያቱን ለማስተዋል ብዙ ምርምር አያሻም። በመኪና የሚያልፍ ሰው መደብሩን አይቶ ያልፋል፤ ማቆሚያ ካላገኘም አይመለስም። በእግሩ የሚሄድ ግን በመስኮት የተደረደረውን ዕቃ ቆሞ ይመለከታል፣ ዋጋ ይጠይቃል፣ ያላሰበውንም ይገዛል። ቢሆንም ነጋዴው ሳይሰማ ፍርድ ቤት የሚዘጋበት ሰዓት ተጠብቆ ሥራ መጀመሩን ልናመሰግነው አንችልም። ውጤቱ ባያምር ኖሮ ኪሳራውን የሚሸከም ከንቲባው ሳይሆን ባለሱቁ ነበር። በሌላ በኩል ደግሞ 72 ሰዓቱ ትልቅ ነገር መሆኑን መካድ አይገባም። ነጋዴን ብዙ ጊዜ የሚጐዳው ለውጡ ሳይሆን የሥራው መጓተት ነውና፤ በሩ ፊት የተቆፈረ ጉድጓድ ለአንድ ዓመት የቆየበት ነጋዴ መንገዱ ሲያልቅ እሱም አልቆ ይጠብቀዋል።

የኩሪቲባ ሥራ በአንድ መንገድ አላበቃም። በ1974 ዓ.ም. የመጀመሪያው ፈጣን የአውቶቡስ መስመር ሥራ ጀመረ። አሠራሩ ሦስት ትይዩ መንገዶችን አንድ ላይ የሚያስብ ነው። በመካከለኛው ላይ አውቶቡሶች ብቻ የሚሄዱበት የተከለለ መስመር አለ፤ በግራና በቀኙ የአካባቢው መኪናዎች በዝግታ ይሄዳሉ። ከዚያ አንድ አንድ ብሎክ ርቀው ባሉት ሁለት መንገዶች ደግሞ መኪናው በፍጥነት ያልፋል፤ አንደኛው ወደ መኻል ከተማ ብቻ፣ ሁለተኛው ከመኻል ከተማ ወደ ውጭ ብቻ ያስኬዳል። በ1991 ዓ.ም. መንገደኛው አስቀድሞ ሒሳቡን ከፍሎ የሚጠብቅባቸው የቱቦ ቅርጽ ያላቸው የመስተዋት ጣቢያዎች ተተከሉ። ወለላቸው ከአውቶቡሱ ወለል ጋር ትክክል ስለ ሆነ ደረጃ መውጣት፣ በበር ላይም ፍራንክ መቊጠር ቀረ። በ1992 ዓ.ም. 25 ሜትር ያህል የሚረዝመውና እስከ 270 ሰው የሚጭነው ባለሁለት መጋጠሚያ አውቶቡስ መጣ። የመሬት ውስጥ ባቡር ከሚጠይቀው ገንዘብ ጋር ሲነጻጸር ወጪው እጅግ ትንሽ ነው።

ለባለሱቅ ይበልጥ የሚጠቅመው ነገር የመሬቱ ደንብ ነው። ከአውቶቡሱ መስመር ዳር ባለው ቦታ ላይ የቦታውን ስፋት እስከ ስድስት እጥፍ የሚደርስ ወለል ለመሥራት ተፈቀደ፤ ከመስመሩ እየራቁ ሲሄዱ ግን የሚፈቀደው ያንሳል። ፎቅ የሚሠራም ሰው የሕንጻውን የታችኞቹን ወለሎች ለሱቅና ለአገልግሎት እንዲተው ተደረገ። በዚህ ዐይነት መንገዱ ገበያተኛውን ያመጣል፣ ፎቁም በላዩ ነዋሪን ይይዛል፤ ሱቁ በሁለቱ መካከል ነው። የመሬቱ ዋጋ በዚያው መጠን ስለ ናረ ድኻው ወደ ከተማው ዳርቻ መገፋቱን ግን ሳንጠቅስ ማለፍ አይገባንም። የግል መኪናም አልጠፋም፤ ኩሪቲባ ዛሬ ከብራዚል ዋና ዋና ከተሞች መካከል ከነዋሪዋ ቁጥር አንጻር መኪና ከሚበዛባቸው አንዷ ናት።

አሠራሩን በ2000 ዓ.ም. ቦጎታ፣ በአፍሪካም በ2008 ዓ.ም. ሌጎስ፣ በ2016 ዓ.ም. ዳሬሰላም እንደየአቅማቸው ወስደውታል። አዲስ አበባ መጀመሪያ የመረጠችው ሐዲድን ነው። 34 ኪሎ ሜትር ገደማ የሚሆነው የከተማ ባቡር በሴፕቴምበር 2015 ዓ.ም. አገልግሎት ጀመረ። ሥራው ከሦስት ዓመት በላይ የወሰደ ሲሆን፣ በብዙ ቦታ ሐዲዱ በመንገዱ መካከል ታጥሮ ስለሚያልፍ በወዲያ ማዶ ያለው ደንበኛ ወደ ወዲህ ለመሻገር ማቋረጫ መፈለግ አለበት።

ስለዚህ የምክር ቤታችን አባሎች የመንገድ ፕላን በሚቀርብበት ስብሰባ ላይ ሲገኙ፣ ሥራው በስንት ቀን እንደሚያልቅና ጣቢያው ከየትኛው ሱቅ አጠገብ እንደሚቆም ሳይጠይቁ እንዳይመለሱ እናሳስባለን። ስለ ኩሪቲባ ሲወራ እምብዛም የማይነሣ አንድ ሌላ ነገርም አለ፤ የጭነት መኪና ጉዳይ ነው። መኪና በተከለከለበት መንገድ ላይ ያለ ባለሱቅ ሸቀጡን በምን ሰዓት፣ በየትኛው በር እንደሚያስገባ በደንቡ ውስጥ በግልጽ ካልተጻፈለት፣ ከመጋዘን የተጫነው ዕቃ ሁለት ብሎክ ርቆ ይራገፍና የወዛደሩ ሒሳብ በሸቀጡ ዋጋ ላይ ይጨመራል። የማለዳና የማታ የማራገፊያ ሰዓት ይወሰን ዘንድ መጠየቅ ያለበትም ድንጋዩ ከመነጠፉ በፊት ነው።