ስለ ሰው ስም ትርጓሜ

ስም ለመጥሪያ ብቻ የሚወጣ አይደለም፤ የወላጅም አሳብ ይነገርበታል። ከአዳማ ወደ አሰላ በሚወስደው መንገድ ባለችው በደራ፣ ገመቹ በኦሮምኛ ደስታ ማለት ነው፤ ጫልቱም የምትበልጥ ማለት ነው። በአማርኛ ምትኩ የሚባለው በሞተ ሰው ምትክ የተወለደ ልጅ ነው።

በሌላም አገር እንዲሁ ነው። በእንግሊዞች ስም መጨረሻ ያለው «ሰን»፣ በአየርላንዶችም ስም መጀመሪያ ያለው «ማክ» ልጅ ማለት ነው፤ «ኦ» ግን የልጅ ልጅ ማለት ነው። ኦብራየን የተባሉት በፈረንጅ ቍጥር በ1014 ዓመት ከሞተው ከንጉሥ ብራየን የተወለዱ ናቸው። በእንግሊዝ አገዛዝ ዘመን ብዙ አየርላንዶች «ኦ»ንና «ማክ»ን ጣሉ፤ ከ19ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ጀምሮ ግን ብዙዎች መለሱት።

በእኛም አገር የኦሮሞ ልጅ ትምህርት ቤት ሲገባ ስሙ የተለወጠበት ጊዜ ነበረ። ስለዚህ መምህራን ሆይ፣ በመዝገብ ወላጅ እንዳወጣው አድርጋችሁ ጻፉ፤ ሽማግሌዎችም ትርጓሜውን ለልጆች ንገሩ።