የእርሻ በሬ ስለ መማሩና ስለ ማስታወሱ

ከወልድያ ወደ መርሳ በሚወስደው መንገድ በሀብሩ ወረዳ የምትገኘው ሲሪንቃ በእርሻ ምርምር ማእከልዋ የታወቀች ናት። ይሁን እንጂ የተመረጠው የማሽላና የጤፍ ዘር በገበሬው ማሳ የሚዘራው አብዛኛውን ጊዜ በበሬ በታረሰ መሬት ስለ ሆነ፣ በሬ ሥራውን እንዴት እንደሚማር ማወቅ ለአገር አስተዳዳሪ የሚገባ ነገር ነው።

ወይፈን ቀንበር ሲጫንበት በመጀመሪያ ይተኛል ወይም ይፈረጥጣል። ስለዚህ ገበሬው ሥራ ከለመደና ጠባዩ ከሰከነ በሬ ጋር ያጣምደዋል። ነባሩ በሬ የአራሹን ድምፅ ሰምቶ ሲዞር ወይፈኑም በቀንበሩ እየተሳበ አብሮ ይዞራል፤ ይህም ሲደጋገም ቀንበሩ ሳይስበው ድምፁን ብቻ ሰምቶ መዞር ይጀምራል። ድምፁ የሚከተለውን ነገር አስቀድሞ የሚነግረው ምልክት ሆኖለታልና።

እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1898 ኤድዋርድ ቶርንዳይክ የተባለ አሜሪካዊ ሊቅ ድመቶችን በሣጥን እየዘጋ መርምሮ ነበር። ድመቶቹ በአጋጣሚ ሣጥኑን ከፍተው ወጥተው ምግብ ሲያገኙ፣ በሚቀጥሉት ጊዜያት ያንኑ ሥራ እየፈጠኑ ሲሠሩ ተመለከተ። እንስሳ መልካም ነገር ያገኘበትን ሥራ ይደግማል ማለት ነው። እንግዲህ ወይፈኑ ቀጥ ብሎ በሄደበት ቅጽበት ጅራፉ ካላረፈ፣ ትክክሉን ከስሕተቱ የሚለይበት ምልክት የለውም። በተኛም ጊዜ ወዲያው ከቀንበር የተፈታ እንደ ሆነ መተኛት ከሥራ እንደሚያድን ይማራል፤ በማግሥቱም መተኛትን ይመርጣል። ባለቤቱ ግን ዐመለኛ ነው እያለ ያማዋል፤ ዐመሉን ያስተማረው እርሱ ራሱ ሆኖ ሳለ!

የተማረውንም በቶሎ አይረሳም። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ2001 በእንግሊዝ አገር የታተመ ምርመራ፣ በግ እንኳ የ50 በጎችን መልክ ከ2 ዓመት በላይ እንደምታስታውስ ገልጧል። ከብትም በእርጋታ የሚይዘውን ሰው ከሚደበድበው ሰው ለይቶ ያውቃል። በቀኝ በኩል መጠመድ የለመደ በሬ ወደ ግራ ሲዛወር የሚታወከውም ስለዚህ ነው።

በ1977 ዓ.ም. በደረሰው ረኃብ በወሎ ብዙ የእርሻ በሬ አለቀ፤ ብዙም ተሸጠ። የጠፋው ጉልበት ብቻ አልነበረም፤ ወይፈኑን በቀንበር ሥር የሚያስተምረው መምህርም አብሮ ጠፋ። ዘር ቢታደል፣ ወይፈንም ቢገዛ፣ ሁለት ያልተገሩ ወይፈኖች ተጣምደው ዝናሙ ሳያልፍ ያርሳሉ ብሎ ተስፋ ማድረግ ያስቸግራል። ስለዚህ በድርቅ ዘመን ያለው መኖ ለሁሉ የማይበቃ ሲሆን፣ በየመንደሩ ጥቂት የተገሩ በሬዎች እንዲተርፉ አስቀድሞ መምከር ይገባል። ከድርቅ በኋላም በሬ ተገዝቶ ሲታደል፣ ከሁለቱ አንዱ የተገራ እንዲሆንና በየትኛው ጎን መጠመድ እንደ ለመደ ሻጩ እንዲጠየቅ ያስፈልጋል።