አበበ ቢቂላ በተሽከርካሪ ወንበር

አበበ ቢቂላ ሲነሣ ብዙዎቻችን ወዲያው የምናስበው ጳጉሜን 5 ቀን 1952 ዓ.ም. በሮም በባዶ እግሩ፣ ጥቅምት 11 ቀን 1957 ዓ.ም. ደግሞ በቶኪዮ ያሸነፈባቸውን ሁለት ማራቶኖች ነው። የሻምበሉ የስፖርት ሕይወት ግን ሩጫ ሲያቆም አላበቃም። በእኔ በሐኪሙ ዓይን የበለጠ የሚያስተምረን ከዚያ በኋላ ያለው ታሪኩ ነው።

መጋቢት 13 ቀን 1961 ዓ.ም. ማታ የሚነዳት ቮልስዋገን ተገለበጠች። ጉዳቱ አከርካሪው ላይ ስለነበር ወደ እንግሊዝ አገር፣ ወደ ስቶክ ማንደቪል ሆስፒታል ተላከ። መጀመሪያ ላይ ጭንቅላቱን እንኳ ማንቀሳቀስ አይችልም ነበር። ከወራት ሕክምና በኋላ እጆቹ ተመለሱለት፤ እግሮቹ ግን አልተመለሱም።

ስቶክ ማንደቪል ተራ ሆስፒታል አልነበረም። ከናዚ ጀርመን የሸሸው የነርቭ ሐኪም ሉድቪግ ጉትማን በ1936 ዓ.ም. የአከርካሪ ጉዳት ክፍል የከፈተበት ቦታ ነው። ከዚያ በፊት ህብለ ሰረሰሩ የተጎዳ ሰው ብዙ ጊዜ አይቆይም ነበር። የሚገድለው ደግሞ ስብራቱ ሳይሆን የመኝታ ቁስልና ከሽንት ፊኛ ተነሥቶ ኩላሊት የሚደርስ ኢንፌክሽን ነው። ጉትማን ሕሙማኑ ሌሊትም ሳይቀር በየሁለት ሰዓቱ እንዲገላበጡ አደረገ። ስፖርትንም የሕክምናው አካል አደረገው። በ1940 ዓ.ም. የለንደን ኦሎምፒክ በተከፈተበት ቀን በሆስፒታሉ ግቢ በተሽከርካሪ ወንበር ላይ ሆነው ቀስት የወረወሩት ሰዎች የዛሬው ፓራሊምፒክ መነሻ ናቸው።

አበበም በ1962 ዓ.ም. እዚያው ስቶክ ማንደቪል ቀስት ውርወራ ተወዳደረ። በማግሥቱ ዓመት ኖርዌይ ውስጥ በቀስትና በጠረጴዛ ቴኒስ ተሰለፈ፤ በውሻ በሚጎተት የበረዶ ሸርተቴ ውድድር ደግሞ አንደኛ ወጣ። በረዶ በማያውቅ አገር ተወልዶ! ጥቅምት 15 ቀን 1966 ዓ.ም. በ41 ዓመቱ እስኪያርፍ ድረስ ዳግም በእግሩ አልቆመም።

አንድ ግጥምጥሞሽ ልጨምር። አበበ በቶኪዮ ካሸነፈ ሦስት ሳምንት ሳይሞላ በዚያው ከተማ በተካሄደው ፓራሊምፒክ የተሽከርካሪ ወንበር ሩጫ ለመጀመሪያ ጊዜ ገባ፤ ርቀቱ 60 ሜትር ብቻ ነበር። ዛሬ ሯጮቹ በሦስት ጎማ ወንበር ማራቶን ይጨርሳሉ። ስዊዘርላንዳዊው ማርሴል ሁግ በ2014 ዓ.ም. ጃፓን ውስጥ 1 ሰዓት ከ17 ደቂቃ ከ47 ሰከንድ ገብቷል።

ይህን ሁሉ የማነሣው በፎገራ ሜዳ ለምንኖረው ጉዳዩ ሩቅ ስላልሆነ ነው። ወረታ የባሕር ዳር፣ የጎንደርና የደብረ ታቦር መንገዶች የሚገናኙባት ከተማ ናት። የሩዝ ጆንያ የጫነ አይሱዙ፣ ባጃጅና ጋሪ አንድ አስፋልት ይጋፋሉ። ከጭነት ላይ የሚወድቅም፣ ከዛፍ የሚወድቅም አለ። አደጋ ሲደርስ ሰው በቅንነት ይሯጣል፤ አንዱ ብብቱን፣ ሌላው እግሩን ይዞ ተጎጂውን ባጃጅ ውስጥ አጣጥፎ ያስገባዋል። ያልተቆረጠ ህብለ ሰረሰር በዚህች ቅጽበት ሊቆረጥ ይችላል።

ተጎጂው አንገቴን ወይም ጀርባዬን አመመኝ ካለ፣ እግሩን ካልታዘዘው ወይም ራሱን ከሳተ፣ እሳት ወይም ሌላ አጣዳፊ አደጋ ከሌለ በቀር ከቦታው አይጎትቱት። አንድ ሰው ጭንቅላቱን በሁለት እጁ ግራና ቀኝ ይያዝ፤ ሌሎች አካሉን እንደ ግንድ በአንድ ጊዜ አዙረው ሰፊ ሳንቃ ወይም ነቅሎ የመጣ በር ላይ ያስተኙት። ቃሬዛ መሥራት የሚያውቅ ሕዝብ ይህ አያቅተውም። ትራስ አያስፈልግም፤ ውኃም አይስጡት።

ቤት ከተመለሰ በኋላ ያለው ደግሞ የቤተሰብ ሥራ ነው፤ ብዙውን ሰው የምናጣውም እዚህ ላይ ይመስለኛል። የማይሰማ ገላ ሲጫን አያምም፤ ስለዚህ በየሁለት ሰዓቱ ማገላበጥ ያስፈልጋል። ወንበር ላይ የሚውል ሰው በየሩብ ሰዓቱ በእጁ ተደግፎ መቀመጫውን ያንሣ፤ ካልቻለ ወደ ጎን ወይም ወደ ፊት ያዘንብል። ወፍራም ስፖንጅ ይቀመጥበት። የተነፋ ካላማዳሪ ላይ ማስቀመጥ የተለመደ ዘዴ ነው፤ ግን ዙሪያውን ደም ስለሚያግድ ይጎዳል። ጠዋትና ማታ ወገቡን፣ ዳሌውንና ተረከዙን ይዩ። ተጭነውት የማይጠፋ መቅላት ወይም መጥቆር ካገኙ ቁስሉ ጀምሯል ማለት ነው፤ እስኪለቅ ድረስ በዚያ ጎን አያስተኙት። ምድጃ አጠገብ አያስጠጉት፤ ሲቃጠል አይሰማውም።

ሽንቱን ማስወጣት ካልቻለ በቱቦ የሚወጣበትን መንገድ ከጤና ባለሙያ ይማሩ። ትኩሳትና የደፈረሰ ሽንት ሲመጣ ሳይውሉ ሳያድሩ ጤና ተቋም ይሂዱ። ከደረት በላይ የተጎዳ ሰው ድንገት ኃይለኛ ራስ ምታት ከያዘው፣ ፊቱ ቀልቶ ካላበው፣ የደም ግፊቱ አሻቅቦ ይሆናል። ቀጥ አድርገው ያስቀምጡት፣ ልብሱን ያላሉ፣ ቱቦው ታጥፎ ፊኛው እንዳልሞላ ይዩ፤ ካልተሻለው ወዲያው ወደ ሐኪም ያድርሱት።